ሴሬንጌቲን የቆጠረው ካሜራ

«ሴሬንጌቲ መሞት የለበትም» በ1959 ለሕዝብ የቀረበ የጀርመን ዘጋቢ ፊልም ነው። ያዘጋጁት የፍራንክፈርት መካነ አራዊት ዳይሬክተር የነበሩት የእንስሳት ሐኪም በርንሃርት ግዚሜክና ልጃቸው ሚካኤል ናቸው። ከእሱ በፊት የተሠሩ የአራዊት ፊልሞችም አንበሳና ዝሆን አሳይተዋል። ይህኛው ግን ሙግት ይዞ ተነሳ፤ ያን ጊዜ ታንጋኒካ ትባል በነበረችው በዛሬዋ ታንዛኒያ የሚገኘው የሴሬንጌቲ ብሔራዊ ፓርክ መሬቱ እንዳይቆረስ ይሟገታል። ተፈጥሮን ለመጠበቅ ፊልም መሥራት የሚባለው ሙያ ብዙ ልማዱን ከዚህ ሥራ ወርሷል። ጥንካሬውም ጉድለቱም የዚያው ውርስ ነው። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከፈረሰ ግቢ እስከ ቴሌቪዥን መስኮት

በርንሃርት ግዚሜክ በ1909 ዛሬ የፖላንድ ግዛት በሆነችው በናይሰ ከተማ ተወለዱ። በ1945 የፍራንክፈርትን መካነ አራዊት ሲረከቡ ጦርነቱ ገና ማለቁ ነበር። ግቢው በአየር ድብደባ ፈራርሷል፤ ከትልልቆቹ እንስሳት የተረፉት ጥቂት ናቸው፤ ከተማው ራሱ የድንጋይ ክምር ሆኗል። አዲሱ ዳይሬክተር ሰውን ወደ ግቢው ለመሳብ ሰርከስና የመዝናኛ ጨዋታዎች አስገቡ፤ በመግቢያ ክፍያ ከሚገኘው ገንዘብ አጥሩንና ቤቶቹን እንደገና አሠሩ። ሰው የሚመለከተውን ነገር ይንከባከባል፣ ለሚንከባከበውም ነገር ይከፍላል የሚለው እምነታቸው ከዚህ ዘመን ጀምሮ በሥራቸው ሁሉ ይታያል።

በጥቅምት 1956 «ቦታ ለእንስሳት» የሚል የቴሌቪዥን ዝግጅት ጀመሩ። አቀራረቡ ቀላል ነበር። ሙሉ ልብስ ከነክራቫታቸው የለበሱት ፕሮፌሰር ከጠረጴዛ ኋላ ይቀመጣሉ። ጠረጴዛው ላይ ከመካነ አራዊቱ የመጣ አንድ እንስሳ ይንጎራደዳል፤ ወረቀታቸውን ይጎትታል፣ ትከሻቸው ላይ ይወጣል። እሳቸው ድምፃቸውን ከፍ ዝቅ ሳያደርጉ ትምህርታቸውን ይቀጥላሉ። ከዚያ ከአፍሪካ ወይም ከሌላ አህጉር የተቀረጸ ፊልም ይታያል፤ በመጨረሻም የመዋጮ የሂሳብ ቁጥር ይነገራል። ዝግጅቱ ከሠላሳ ዓመት በላይ ዘለቀ። ለአንድ ትውልድ ጀርመናዊ ተመልካች የአፍሪካን አራዊት ያስተዋወቀው ይህ ጠረጴዛ ነው።

በዚያው በ1956 አባትና ልጅ በቤልጂየም ኮንጎ የቀረጹት «ለዱር እንስሳት ቦታ የለም» የተሰኘው የመጀመሪያ ትልቅ ፊልማቸው በበርሊን የፊልም ፌስቲቫል በዘጋቢ ፊልም ዘርፍ ወርቃማውን ድብ ተሸለመ። ፊልሙ ገቢም አስገኘ። ግዚሜክ ገንዘቡን ይዘው ወደ ታንጋኒካ የፓርኮች አስተዳደር ሄዱና ሴሬንጌቲን ለማስፋት የሚሆን መሬት ልግዛ አሉ። ዳይሬክተሩ ኮሎኔል ፒተር ሞሎይ መሬት ከመግዛት የሚቀድም ሥራ እንዳለ ነገሯቸው፤ ፓርኩ ውስጥ ስንት እንስሳ እንዳለና በየወቅቱ ወዴት እንደሚሄድ የሚያውቅ ሰው አልነበረም።

የወሰኑ ክርክር

ሴሬንጌቲ የሚለው ስም የመጣው ከማሳዮች ቋንቋ ሲሆን ማለቂያ የሌለው ሜዳ እንደማለት ነው። በ1951 ብሔራዊ ፓርክ ተብሎ ሲከለል የንጎሮንጎሮን የእሳተ ገሞራ ገንዳና ዙሪያውን ያለውን ደጋ ይጨምር ነበር። በክልሉ ውስጥ ከብት አርቢ ማሳዮች ይኖራሉ፤ ፓርኩ ደግሞ የሰው መኖሪያ መሆን የለበትም የሚሉ ወገኖች አሉ። ሁለቱን ለማስታረቅ የቅኝ ግዛቱ መንግሥት በ1956 ፓርኩን ወደ ትንንሽ ክፍሎች የሚቆራርጥ ዕቅድ አወጣ። ዕቅዱ ተቃውሞ አስነሳ፤ አጥኚዎች ተላኩ፤ አዲስ ረቂቅ ተዘጋጀ። በአዲሱ ረቂቅም ምሥራቃዊው ሜዳና ንጎሮንጎሮ ከፓርኩ ይወጣሉ።

የክርክሩ እንብርት የኑ መንጋ ነው። ኑ፣ በሌላ ስሙ ዊልደቢስት፣ የቀንድ ከብት የሚያህል፣ ጢማምና ጎፈሬያም የሜዳ እንስሳ ነው። ከታኅሣሥ እስከ መጋቢት በደቡብ ምሥራቅ ባለው አጭር ሣር ላይ ይሰፍራል። የዚያ ሜዳ አፈር በአካባቢው ካሉት እሳተ ገሞራዎች በወረደ አመድ የተሠራ ስለሆነ ሣሩ በማዕድን የበለጸገ ነው፤ እናቶች ለመውለድና ለማጥባት የሚመርጡትም ለዚህ ነው። አብዛኞቹ ጥጆች የሚወለዱት በጥቂት ሳምንታት ውስጥ በአንድነት ሲሆን፣ ጥጃው በተወለደ በደቂቃዎች ውስጥ ቆሞ ይሄዳል። ጅብና አንበሳ ቢጠግቡም ሁሉንም ሊጨርሱ አይችሉም። ዝናቡ ሲያባራ ሜዳው ላይ ውኃ ይጠፋል፤ መንጋው ወደ ምዕራብ፣ ከዚያም ዓመቱን ሙሉ ውኃ ወዳለበት ወደ ሰሜኑ የማራ ወንዝ ይጓዛል፤ ደመና ሲያንዣብብ ይመለሳል። ስለዚህ የፓርኩ ወሰን ከዚህ ዑደት ጋር ካልገጠመ መንጋው የዓመቱን እኩሌታ ከጥበቃ ውጭ ያሳልፋል።

በሜዳ አህያ ቀለም የተቀባችው አውሮፕላን

አባትና ልጅ የአብራሪነት ትምህርት ወስደው ዶርኒየር 27 የምትባል አንድ ሞተር ያላት ትንሽ አውሮፕላን ገዙ። ክንፏ ከጣሪያዋ በላይ ስለሆነ ቁልቁል ለማየት የሚከለክል ነገር የለም፤ በዝግታ መብረርና በአጭር ሜዳ ላይ ማረፍ ትችላለች። መላ አካሏን እንደ የሜዳ አህያ በጥቁርና በነጭ ሸንተረር ቀቧት። የምዝገባ ፊደሎቿ መጨረሻ «ኤንተ» የሚል ቃል ይወጣዋል፤ በጀርመንኛ ዳክዬ ማለት ነው። በታኅሣሥ 1957 ከፍራንክፈርት ተነስተው ራሳቸው እያበረሩ ምሥራቅ አፍሪካ ደረሱ።

ከአየር ላይ መቁጠር ሲያወሩት ይቀላል። አብራሪው ሜዳውን ልክ እንደሚታረስ ማሳ በትይዩ መስመር እየከፋፈለ ይሄዳል፤ በግራና በቀኝ የተቀመጡት ቆጣሪዎች እያንዳንዳቸው በወገናቸው ያለውን ስንጣቂ መሬት ብቻ ይመለከታሉ። ነጠላ እንስሳ ወይም ትንሽ መንጋ ሲሆን አንድ፣ ሁለት እያሉ መቁጠር ይቻላል። ሺህ ሆኖ የሚንቀሳቀስ መንጋ ሲሆን ቆጣሪው መጀመሪያ አሥሩን፣ ከዚያ መቶውን በዓይኑ ይለካል፤ የመቶው ስፋት መንጋው ላይ ስንት ጊዜ እንደሚያርፍ ይገምታል። አውሮፕላኑ እስኪመለስ መንጋው አይጠብቅም። በዚያ ላይ የቀትሩ ሞቃት አየር ትንሿን አውሮፕላን እንደ ወንፊት ያንገዋልላታል። የመጨረሻው ድምር 366,980 ትልልቅ እንስሳት ሆነ። የሜዳ ፍየሎች ትልቁን ድርሻ ያዙ፤ ኑ ወደ 99 ሺህ፣ የሜዳ አህያ ወደ 57 ሺህ ተቆጠረ።

ቁጥሩ ብቻውን መንገዱን አይናገርም። መንገዱን ለማወቅ አንዱን እንስሳ ከሌላው መለየት ያስፈልጋል። አባትና ልጅ እንስሳቱን እየያዙ ጆሯቸው ላይ ምልክት አደረጉ፣ አንገታቸው ላይ ከሩቅ የሚታይ ባለ ቀለም ማሰሪያ አጠለቁ። ከዚያ በየጊዜው እያበረሩ ማሰሪያዎቹን ፈለጉ። የተገኙባቸው ቦታዎች ካርታ ላይ ሲሠፍሩ፣ መንጋው አዲሱ ወሰን ከፓርኩ በሚያወጣው ሜዳ ላይ የዓመቱን ወሳኝ ወራት እንደሚያሳልፍ ታየ። በየአካባቢው ያለውን ሣር እየሰበሰቡ አስመረመሩ፤ እንስሳቱ ለምን አንዱን ሜዳ ትተው ሌላውን እንደሚመርጡ ማስረዳት የሚቻለው በዚህ ነበርና።

የካሜራው ሥራ

ቆጠራውና ፊልሙ ጎን ለጎን ነው የሄዱት። በዚያ ዘመን ካሜራ የሚቀርጸው በጥቅልል ፊልም ላይ ነው። ጥቅልሉ ለደቂቃዎች ብቻ ይሮጣል፤ ሲያልቅ ብርሃን በማያስገባ ከረጢት ውስጥ እጅ አስገብቶ፣ ሳያዩ በመዳበስ፣ በሌላ መተካት ነው። ሙቀት ቀለሙን ያበላሻል፣ አቧራ ፊልሙን ይቧጭራል። የተቀረጸው ጥቅልል አውሮፓ ተልኮ እስኪታጠብ ድረስ ምስሉ መውጣቱን የሚያውቅ የለም። ዛሬ አንድ የዱር እንስሳት ቀራጭ እዚያው ስክሪኑ ላይ አይቶ የሚያርመውን ስህተት፣ ያን ጊዜ ሳምንታት ካለፉ በኋላ ነበር የሚያውቀው፤ በዚያ ጊዜ ደግሞ ወቅቱም መንጋውም አልፏል።

ከአውሮፕላኑ የተነሱት ምስሎች ለተመልካች እንግዳ ነበሩ። እስከዚያ የአፍሪካ አራዊት የሚታዩት ከመኪና ወይም ከጥሻ ኋላ፣ አንድ ለአንድ ነበር። ከላይ ሲታይ ግን ሜዳው በነጥብ የተሞላ ምንጣፍ ይመስላል፤ ነጥቦቹም ወደ አንድ አቅጣጫ ይፈሳሉ። ወሰን የሚባለው ነገር የት ላይ እንዳለ የሚያሳይ ምልክት መሬቱ ላይ የለም። የሳይንሱ ሪፖርት በሰንጠረዥ የሚለውን ይህ ምስል ያለ ቃል ተናገረው።

ፊልሙ የሕገወጥ አደንን ገጽታም አሳይቷል። አዳኞች በቁጥቋጦ መሃል አጥር ይሠራሉ፤ በአጥሩ ክፍተት ላይ የሽቦ ሸምቀቆ ያንጠለጥላሉ፤ መንጋው በክፍተቱ ሲያልፍ ይያዛል። አዳኙ ካልመጣ እንስሳው እዚያው ይበሰብሳል። ከቀራጮቹ ጋር የሠራው ወጣት አለን ሩት በእንግሊዝ ተወልዶ በኬንያ ያደገ ሲሆን፣ ያን ጊዜ ዕድሜው ከሃያ አንድ አይበልጥም።

በጥር 10 ቀን 1959 ሚካኤል ብቻውን እያበረረ ሳለ አንድ ትልቅ ጥንብ አንሳ ከአውሮፕላኗ ክንፍ ጋር ተጋጨ። አውሮፕላኗ ተከሰከሰች፤ ሚካኤል በ24 ዓመቱ ሞተ። በንጎሮንጎሮ ገደል አፋፍ ላይ ተቀበረ፤ በመቃብሩ ላይ የድንጋይ ሐውልት ቆመ። አባቱ የቀረውን ሥራ ከአለን ሩት ጋር ጨርሰው ፊልሙን በዚያው ዓመት አጋማሽ አወጡ። በሚቀጥለው ዓመት ሚያዝያ ፊልሙ በረጅም ዘጋቢ ፊልም ዘርፍ ኦስካር አገኘ፤ ከጦርነቱ በኋላ ይህን ሽልማት ያገኘ የመጀመሪያው የጀርመን ፊልም ሆነ። በፊልሙ ስም የታተመው መጽሐፍም በብዙ ቋንቋዎች ተተርጉሟል። በርንሃርት ግዚሜክ በ1987 ካረፉ በኋላ የአስከሬናቸው አመድ ከልጃቸው ጎን ተቀበረ።

ፊልሙ ኦስካር ከማግኘቱ አንድ ዓመት በፊት ይኸው ሽልማት የተሰጠው ለዋልት ዲዝኒ ኩባንያ «ነጩ ምድረ በዳ» ነበር። በዚያ ፊልም ውስጥ ሌሚንግ የሚባሉ አይጥ መሰል እንስሳት በገፍ ከገደል ወደ ውኃ ሲወረወሩ ይታያል። በ1982 የካናዳ ቴሌቪዥን ጋዜጠኞች እንዳጋለጡት እንስሳቱ ከሌላ ክፍለ ሀገር የተገዙ ናቸው፤ ገደሉ ላይ ያደረሳቸውም የቀራጮቹ እጅ ነው። እንስሳቱ በጅምላ ራሳቸውን ያጠፋሉ የሚለው ተረት ግን እስከ ዛሬ ይወራል። በሁለቱ ፊልሞች መካከል ያለው ርቀት የሙያውን ዋና የሥነ ምግባር ጥያቄ ያሳያል፤ ቀራጩ የሆነውን ይጠብቃል ወይስ የፈለገውን ያስደርጋል?

ፊልሙ ያስገኘው

ፊልሙ በቅርብ ግቡ አልተሳካለትም። በ1959 በወጣው ሕግ ንጎሮንጎሮና ምሥራቃዊው ሜዳ ከፓርኩ ወጥተው ለከብት አርቢዎችም ለአራዊትም የሚሆን ልዩ የጥበቃ ክልል ሆኑ። ፓርኩ በምትኩ ወደ ሰሜን፣ ወደ ኬንያ ድንበር ሰፋ። የሰሜኑ ጭማሪ መንጋው በደረቁ ወቅት ከሚሄድበት መንገድ ጋር የሚገጥም ነበር፤ በኋላ ላይ ከኬንያው የማሳይ ማራ ጋር ተያይዞ የዑደቱን ሰሜናዊ ክፍል ለመሸፈን አስችሏል።

በረጅሙ ሲታይ ውጤቱ ሌላ ነው። ከዓይን የራቀ ከልብ ይርቃል እንደሚባለው፣ ለሩቅ አገር ሰው ስሙን እንኳ የማያውቀው ሜዳ የራሱ ጉዳይ የሚሆንበት ምክንያት አልነበረም። ከፊልሙ በኋላ ግን የጀርመን ቤተሰቦች ለሴሬንጌቲ ያዋጡ ጀመር። የፍራንክፈርት የእንስሳት ጥናት ማኅበር ከዚህ መዋጮ ለጠባቂዎች መኪናና ሬዲዮ ገዛ፤ ዛሬም እዚያው ይሠራል። በሚካኤል ስም የቆመው አነስተኛ ቤተ ሙከራ አድጎ የሴሬንጌቲ የምርምር ተቋም ሆነ፤ በዓለም ላይ ለረጅም ጊዜ ያለማቋረጥ ከተጠኑ ሥነ ምህዳሮች አንዱ ሴሬንጌቲ ለመሆን የበቃው በዚህ ነው። ፓርኩ በ1981 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዘገበ።

ታንጋኒካ በ1961 መጨረሻ ነጻ ስትወጣ ግዚሜክ ለአዲሱ መሪ ለጁሊየስ ኔሬሬ ያቀረቡት መከራከሪያ የገንዘብ ነበር፤ አራዊቱ በሕይወት ካሉ ጎብኚ ያመጣሉ የሚል። ችግሩ ተራው ጀርመናዊ ሊከፍለው የሚችል የአፍሪካ ጉዞ አለመኖሩ ነው። ፕሮፌሰሩ በቴሌቪዥን ዝግጅታቸው ላይ እንዲህ ያለ ርካሽ ጉዞ እንዳለ አድርገው ተናገሩ። በማግስቱ ተመልካቾች የጉዞ ወኪሎችን በር አጨናነቁ፤ ወኪሎቹም ያልነበረውን ጉዞ ለማዘጋጀት ተገደዱ። የሌሚንጎቹን ቀራጭ የሚወቅስ ሰው ይህንንም ከጥያቄ ውጭ ሊያደርገው አይችልም፤ ለበጎ የተነገረም ቢሆን ያልነበረ ነገር ነውና።

ከፍሬሙ ውጭ የቀሩ ሰዎች

እያንዳንዱ ፍሬም አንድ ነገር ሲያስገባ ሌላውን ያስወጣል። «ሴሬንጌቲ መሞት የለበትም» ካስወጣቸው ቀዳሚዎቹ ማሳዮች ናቸው። በፊልሙ ውስጥ ይታያሉ፤ ነገር ግን የሚታዩት ከብታቸው ሣሩን የሚያጋፋ፣ ቁጥራቸው የሚያሰጋ ሆነው ነው። ሜዳውን ለዘመናት ከአራዊቱ ጋር ተጋርተው መኖራቸው፣ የአብዛኛውን ዱር እንስሳ ሥጋ የማይበሉ መሆናቸው፣ ለከብት ግጦሽ ሲሉ የሚለኩሱት እሳት የሜዳውን መልክ መሥራቱ ሚዛን አልደፋም። የማሳይ ሽማግሌዎች በ1958 ምዕራባዊውን ሴሬንጌቲ ለመልቀቅ በወረቀት ላይ ፈረሙ፤ በለውጡ በንጎሮንጎሮ የመኖር መብትና የውኃ ሥራ ተገባላቸው። የፊልሙ ሙግት መሬቱ የሰው ልጅ ሁሉ ቅርስ ነው የሚል ስለነበር፣ በአካል እዚያ የሚኖረው ሰው ድምፅ ከሩቁ ተመልካች ድምፅ አነሰ።

ይህ ጥያቄ ዛሬም አልተዘጋም። በቅርብ ዓመታት በንጎሮንጎሮና በአጎራባቹ ሎሊዮንዶ በማሳዮችና በመንግሥት መካከል የተነሳው ውዝግብ መነሻው ያኔ የተሰመረው መስመር ነው። አሁን ያሉ የጥበቃ ፊልም ሠሪዎች ብዙዎቹ የአካባቢውን ሰው በተራኪነት፣ በቀራጭነትና በአዘጋጅነት ለማስገባት የሚጥሩት ይህን ጉድለት ስለሚያውቁ ነው።

ደስታ

ፊልሙ ያላሳየው ሁለተኛው ነገር ለካሜራ አይታይም። የ1961 ቆጠራ በሴሬንጌቲ ከ2 መቶ ሺህ በላይ ኑ አገኘ፤ በ1970ዎቹ መጨረሻ ቁጥሩ ከ1.3 ሚሊዮን በላይ ደረሰ። ከአየር ላይ በዓይን መቁጠር ብዙ እንደሚስት ስለሚታወቅ የመጀመሪያው ቁጥር ዝቅ ያለ ሊሆን ይችላል። ይህን ያህል እድገት ግን የቆጠራ ስህተት አያመጣውም። ወሰኑም ጠባቂውም ብቻቸውን አያመጡትም። ምክንያቱ የበሽታ መጥፋት ነው።

በሽታው በአማርኛ ደስታ ይባላል፤ የከብት መቅሰፍት ነው። በ1887 እና 1888 ጣሊያኖች ለሠራዊታቸው ምግብ ወደ ምፅዋ ባስገቧቸው ከብቶች ገብቶ በኢትዮጵያ የከብቱን ዘጠና በመቶ ያህል እንደጨረሰ ይገመታል። በሬ ሲጠፋ እርሻ ቆመ፤ ክፉ ቀን ተብሎ የሚታወሰው ረሃብ ተከተለ። ዐፄ ምኒልክ ሕዝቡ በእጁ እንዲቆፍር ለማበረታታት ራሳቸው ዶማ ይዘው መሬት መቆፈራቸው በታሪክ ተመዝግቧል። በሽታው ወደ ደቡብ ወርዶ በ1890ዎቹ መጀመሪያ ወደ ማሳዮች ምድር ገባ፤ ከብታቸውን፣ ከከብቱ ጋር ጎሹንና ኑውን ፈጀ። ማሳዮችም እንደ ኢትዮጵያውያኑ በረሃብ አለቁ። በኋላ የመጡ አውሮፓውያን ያገኙት ሰውና ከብት የሳሳበት ሜዳ ነው፤ ያንኑም ያልተነካ ተፈጥሮ አሉት።

ቫይረሱ በየዓመቱ የኑን ጥጆች፣ የእናታቸው ወተት የሰጣቸው መከላከያ ሲያልቅ፣ ይገድል ነበር። በ1950ዎቹና በ1960ዎቹ መጀመሪያ በፓርኩ ዙሪያ ያለው የአርቢዎች ከብት በሰፊው ሲከተብ በሽታው ከዱር እንስሳቱም ጠፋ። የበሽታው ምንጭ ከብቱ ነበርና ከብቱ ሲድን ኑው ዳነ። ከዚያ በኋላ የሆነው ሰንሰለት ነው። መንጋው ሲበዛ ሣሩን አጭዶ በላው፤ ሣሩ ሲያጥር ሰደድ እሳት ቀነሰ፤ እሳቱ ሲቀንስ ችግኞች አድገው ዛፍ ሆኑ፤ አንበሳውም ጅቡም የሚበላው በዛለት። የሴሬንጌቲን አራዊት ካዳኑት ሥራዎች ትልቁ አንዱ ከፓርኩ ውጭ፣ በማሳይ ጥጃ ትከሻ ላይ የተወጋ መርፌ ነበር።

የደስታ በሽታ የአፍሪካ ታሪኩ ወደ ተነሳበት ወደ አፍሪካ ቀንድ ተመልሶ ነው የተዘጋው። በ1990ዎቹ ከመጨረሻዎቹ የበሽታው መናኸሪያዎች አንዱ አፋር ነበር። ክትባቱ ቅዝቃዜ ስለሚፈልግ በረሃ ውስጥ ይበላሻል፤ ሙቀት የሚችል ክትባት ሲሠራ ግን የሠለጠኑ የአካባቢው ሰዎች በእግርና በግመል ይዘውት ዞሩ። በ1995 ከታየው ወረርሽኝ በኋላ በኢትዮጵያ በሽታው አልተመለሰም። በ2011 ከዓለም መጥፋቱ ታወጀ፤ ከፈንጣጣ ቀጥሎ የሰው ልጅ ከምድር ያጠፋው ሁለተኛ በሽታ ነው።

ከሩት እስከ ባሌ

አለን ሩት ከሴሬንጌቲ የተማረውን ይዞ ከባለቤቱ ከጆዋን ጋር በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ ኬንያ ላይ ተመሥርቶ ሠራ። የሁለቱ ዘዴ ከአየር ቆጠራ ተቃራኒ ነው፤ አንድ ቦታ መርጦ ወራት መቀመጥ። ምዚማ በተባለ ምንጭ ጠልቀው ጉማሬዎችን ከውኃ በታች ቀረጹ፤ በ1974 በዚያው ምንጭ ጉማሬ አለንን እግሩን ነክሶታል። በ1978 የወጣው የምስጥ ኩይሳ ፊልማቸው ተመልካቹን ወደ ግድግዳው ውስጥ ያስገባዋል። ዓይን የሌላቸው ሠራተኞች አፈሩን በምራቃቸው እያቦኩ ይገነባሉ፤ በጓዳው ውስጥ የሚበሉት ሻጋታ ይለማል፤ የሞቀው አየር በጭስ መውጫ መሰል ቀዳዳዎች ይወጣል፤ ንግሥቲቱ ከክፍሏ ሳትነቃነቅ በቀን በሺዎች የሚቆጠር እንቁላል ትጥላለች። ፊልሙ ለኦስካር ታጭቷል። ለገበሬ የእርሻ እንቅፋት የሆነው የአፈር ክምር የብዙ ፍጡር መኖሪያ መሆኑን ያለ ስብከት ያስረዳል። ጆዋን በኋላ ዘመኗ ካሜራውን ትታ የናይቫሻን ሐይቅ ከሕገወጥ ዓሣ አጥማጆች ለመጠበቅ ታገለች፤ በጥር 2006 በቤቷ ተገደለች። አለን በ2017 አረፈ።

የፍራንክፈርቱ የእንስሳት ጥናት ማኅበር በኢትዮጵያም ይሠራል፤ ሥራው ያተኮረው በባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ ላይ ነው። በዓለም ላይ ከቀሩት፣ ከ5 መቶ ከማይበልጡት ቀይ ቀበሮዎች እኩሌታ በላይ የሚኖሩት በዚያ ነው። በሳኔቲ አምባ ላይ ቀበሮው ከማለዳ ጀምሮ የአይጥ ጉድጓድ አጠገብ ጆሮውን አቁሞ ሲያደባ ለካሜራ የተመቸ ነው፤ ሜዳው ግልጥ፣ ቀለሙ ከሣሩ ጎልቶ የሚታይ፣ አዳኙም በቀን የሚንቀሳቀስ። የሚያሰጋው ነገር ግን እንደ ሴሬንጌቲው በፍሬም አይያዝም። በ1990ዎቹ መጀመሪያ፣ በ2003፣ በ2008 እና በ2014 ገደማ ከእረኞች ውሾች የተላለፈ የእብድ ውሻ በሽታ በባሌ የሚኖሩትን ቀበሮዎች በየጊዜው ፈጅቷል። መድኃኒቱም ያው የሴሬንጌቲው ዓይነት ነው፤ በፓርኩ ውስጥና ዙሪያ ያሉ ውሾች በየዓመቱ ይከተባሉ፣ ከ2018 ጀምሮም ለቀበሮዎቹ በሥጋ የተደበቀ የሚዋጥ ክትባት ይሰጣል። ክትባቱ የሚጣለው ማታ፣ ቀበሮዎቹ በሚተኙበትና ለአደን በሚወጡበት አካባቢ ነው። ባሌ በ2023 በዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል።